ውሃዬን ቆረጡብኝ፤ ቤቱ ግን በማን ስም ነው?

ጥያቄ

ጤና ይስጥልኝ። ሦስት ልጆች አሳድጋለሁ። የምተዳደረው እንጀራ ጋግሬ ለሱቆች በማስረከብ ነው። የምንኖረው ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ነው፤ እዚህ ቤት ከገባን ስምንት ዓመት ሆነን። ሕንጻው አርጅቷል። ግድግዳው ተሰነጣጥቋል፣ ደረጃው ላይ አምፖል የለም፣ የእጅ መደገፊያው ብረት ተነቅሎ ተወስዷል። ክረምት ሲገባ ጣሪያው ያንጠባጥባል። የፍሳሽ ቱቦው ዘንድሮ ሁለቴ ፈነዳ። ከኛ በታች ያሉት ሰዎች «ኮርኒሳችንና አልጋችን ተበላሽቷል፣ 85 ሺህ ብር ክፈይ» ብለው ሽማግሌ ልከውብኛል።

ማኅበሩ ደግሞ ፓምፕ ለማሠራት ከየቤቱ 6 ሺህ ብር ጠየቀ። አልከፈልኩም። የወር መዋጮም ካቆምኩ ቆይቻለሁ፤ የጥበቃ ብር ይሰበስባሉ፣ ጥበቃ ግን የለም። ኮሚናሉን፣ የጋራ መጋገሪያና ማጠቢያ ቤታችንን፣ ለአንድ ነጋዴ መጋዘን አድርገው አከራይተውታል፤ እኔ የምጋግረው እዚያ ነበር። አለመክፈሌን ሲያዩ ውሃዬን ቆረጡት። ከወር በላይ ውሃ በጀሪካን እየገዛሁ አራተኛ ፎቅ አወጣለሁ። ስብሰባ ላይ ልናገር ብነሳ ሊቀመንበሩ «ባለቤቱ መጥቶ ይናገር» ብሎ አስቀመጠኝ። ካርኒው ላይ ስሜ ባይኖርም የባንኩን ብድር ወር በወር የምከፍለው እኔ ነኝ። ሰውየው ስልኬን ካነሳ ስድስት ወር አልፎታል። ማኅበሩን መክሰስ እችላለሁ? ለታች ቤቶቹስ መክፈል አለብኝ?

ስሜ ይቆይ፣ ከአዲስ አበባ

መልስ

እህቴ፣ መጀመሪያ የጠየቁኝን በአጭሩ ልመልስ። ከዚያ ወዳልጠየቁኝ ነገር እሄዳለሁ። እኔን ያስፈራኝ እሱ ነው።

ውሃውን በተመለከተ፣ ማኅበሩ ገንዘብ አለብሽ ካለ መንገዱ በጽሑፍ መጠየቅ ነው፤ ካልተከፈለውም መክሰስ። ልጆች ያሉበትን ቤት ውሃ ቆርጦ ማስገደድ ሌላ ነገር ነው። መተዳደሪያ ደንባቸው ላይ እንዲህ የሚል ነገር ጽፈው እንደሆነ ኮፒውን ጠይቀው ያንብቡ፤ ተጽፎ ቢገኝ እንኳ መከራከር ይቻላል። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1149 መሠረት ቤቱን በእጁ አድርጎ የሚኖር ሰው ሁከት ሲፈጠርበት፣ ማለትም በቤቱ እንዳይገለገል ሲታወክ፣ «ሁከት ይወገድልኝ» ብሎ መክሰስ ይችላል። ይህ ክስ ካርታ በስምዎ እንዲሆን አይጠይቅም። ቤቱን በእጅዎ አድርገው መኖርዎን ነው የሚጠይቀው። ለእርስዎ ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ምክንያቱን ከታች ያገኙታል። ክሱ ሁከቱ ከተፈጠረ በሁለት ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። ከክሱ በፊት ግን ለማኅበሩ ደብዳቤ ይጻፉ። በሁለት ኮፒ ይሁን፤ አንዱ ላይ የተቀበለው ሰው ይፈርምልዎት። አልፈርምም ካለ ሁለት ጎረቤት ባለበት ይስጡትና የሰዎቹን ስም ይመዝግቡ።

መዋጮው ላይ ግን አላግዝዎትም። የጋራ ሕንጻ ቤት ባለቤትነት አዋጅ ቁጥር 370/1995 ደረጃው፣ ጣሪያው፣ ዋናው ቱቦ፣ ግቢው የሁሉም የጋራ ነው ይላል። የሁሉም ከሆነ ወጪውም የሁሉም ነው። «ጥበቃው የለም፣ ስለዚህ አልከፍልም» የሚለው ክርክር ብዙ ቦታ ሲነሳ አያለሁ። አያዋጣም። ጥበቃው ከሌለ የሚጠየቀው የሒሳብ ሪፖርት ነው፤ ኦዲት ይደረግ ብሎ ጠቅላላ ጉባኤ ማስጠራት ነው። መዋጮ ማቆም እርስዎን ጥፋተኛ ያደርጋል፤ ገንዘቡን ያልተገባ ቦታ ያዋለ ሰው ካለ እሱን ነጻ ያወጣዋል። ደግሞም ያልተከፈለ መዋጮ በቤቱ ላይ ዕዳ ሆኖ ይከማቻል። 6 ሺህ ብር ለእርስዎ ስንት እንጀራ እንደሆነ አውቃለሁ። በአንድ ጊዜ ካቃተዎት «በየወሩ ይህን ያህል ልክፈል» ብለው በጽሑፍ ያመልክቱ። ሲከፍሉ በካርኒ ይክፈሉ። ኮሚናሉም የጋራ ንብረት ነው። ለነጋዴው መከራየቱን ጉባኤው ወስኖ እንደሆነ፣ ኪራዩስ የት እንደሚገባ በጽሑፍ ይጠይቁ። ብቻዎን ከሚሆኑ እዚያ ይጋግሩና ልብስ ያጥቡ የነበሩ ሌሎች ሴቶች አብረዎት ይፈርሙ።

የ85 ሺህ ብሩ ጉዳይ የሚወሰነው ውሃው የመጣው ከየት ነው በሚለው ነው። የፈነዳው ከላይ እስከ ታች የሚወርደው ዋናው ቱቦ ከሆነ የማኅበሩ ኃላፊነት ነው። ከእርስዎ መጸዳጃ ወይም ማዕድ ቤት ወጥቶ ዋናው ላይ የሚገጥመው ቅርንጫፍ ከሆነ ግን ጥያቄው ወደ እርስዎ ቤት ይመጣል። ይህን ሽማግሌ አይለየውም። ከማኅበሩ ጋር ሆናችሁ የቧንቧ ባለሙያ አስመጡና ያየውን ጽፎ ይፈርም። የተበላሸውን ፎቶ አንሱ። የሽማግሌዎቹን ክብር ይጠብቁ፤ ቡና ያፍሉላቸው። ነገር ግን «ጥፋቱ የኔ ነው» የሚል ወረቀት ላይ፣ «አንድ ሺህ ብር ቀብድ ስጪና እንጨርሰው» የሚል ስምምነት ላይ አይፈርሙ። እንዲህ ዓይነት ወረቀት በኋላ ፍርድ ቤት ሲቀርብ ለማስተባበል በጣም ከባድ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ጥያቄ ልጠይቅዎት። ኮሚናሉ ከተከራየ በኋላ የት ነው የሚጋግሩት? አልጻፉልኝም። ግምቴ ቤትዎ ውስጥ ነው። የቡሃቃውን እጣቢ የት ይደፉታል? ሊጥ ቱቦ ውስጥ ገብቶ ሲደርቅ ምን እንደሚሆን ከእኔ ይበልጥ እርስዎ ያውቁታል። ልወቅስዎት አይደለም፤ መጋገሪያውን የነጠቁዎት እነሱ ናቸው። ነገር ግን ባለሙያው ቱቦውን ሲከፍት የሊጥ ግግር ካገኘ የታች ጎረቤቶችዎ ክርክር ይጠነክራል። በጥፋቱ ጉዳት ያደረሰ ሰው ይክሳል የሚለው አንቀጽ 2028 ነው። ስለዚህ ከዛሬ ጀምሮ እጣቢው ቱቦ ውስጥ አይግባ። ለጠበቃዎም ይህን መጀመሪያ ይንገሩት።

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ።

ደብዳቤዎ ውስጥ «ቤቴ» የሚል ቃል ፈልጌ አጣሁ። «እዚህ ቤት ከገባን» ነው ያሉት። ካርኒው በሌላ ሰው ስም ነው። ሊቀመንበሩ «ባለቤቱ ይምጣ» ሲል አልተከራከሩትም፤ ተቀመጡ። የባንክ ብድር ይከፍላሉ፣ ተከራይ ደግሞ የአከራዩን የባንክ ብድር ስምንት ዓመት አይከፍልም። አንድ «ሰውየው» አለ፤ ማን እንደሆነ አልነገሩኝም፤ ስልክም አያነሳም። ይህን ሁሉ አንድ ላይ ሳየው የሚመጣልኝ አንድ ነገር ብቻ ነው። ቤቱን ዕጣ ከደረሰው ሰው ላይ በውክልና ገዝተውታል። ሽያጭ የሚል ወረቀት የለዎትም፤ ወይም ካለም አልተመዘገበም። ምናልባት የብድር ውል ፈርማችኋል። ደላላው «ሁሉም ሰው የሚያደርገው እንዲህ ነው» ብሎዎታል።

ተሳስቼ ከሆነ ደስታዬ ነው። ካልተሳሳትኩ ግን ይህን መደበቅ አልነበረብዎትም። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይባል የለ? ስለ ቱቦው ብቻ ነግረውኝ ጠበቃ ይዘው «እኔ ባለቤት ነኝ» ብለው ማኅበሩን ቢከሱ፣ የመጀመሪያው መልሳቸው «ካርታዋን ታሳይ» ነው የሚሆነው። በስድስት ሺህ ብር የተጀመረ ጠብ የቤቱን ጉዳይ ሁሉ ፍርድ ቤት ጠረጴዛ ላይ ያፈሰዋል። ያኔ ደግሞ ዝግጁ አይደሉም።

ይህ ወጥመድ ድሃውን እየመረጠ ስለሚይዝ በደንብ ላስረዳው። ዕጣ የደረሰው ሰው ቅድመ ክፍያውን መክፈል ያቅተዋል፣ ወይም ገንዘቡ ያስፈልገዋል። በዕጣ የተላለፈ ኮንዶሚኒየም ግን በአዲስ አበባ አምስት ዓመት ሳይሞላው መሸጥ ክልክል ነው። ገዢው በበኩሉ የእቁብ ብርና ከዘመድ የተለቃቀመ ገንዘብ ይዟል፤ ከኪራይ መገላገል ይፈልጋል። ደላላው መሀል ገብቶ ያስታርቃቸዋል። ሻጩ ለገዢዋ ውክልና ይሰጣል፤ ቤቱን እንድታስተዳድር፣ ብድሩን እንድትከፍል፣ እንድትሸጥ እንድትለውጥ። ገንዘቡን በተመለከተ ደግሞ ሻጩ 400 ሺህ ብር ተበድሬያለሁ ብሎ ይፈርማል እንበል። «ከካደሽ በዚህ ትይዥዋለሽ» ይላታል ደላላው። ቁልፍ ትቀበላለች። ቀለም ታስቀባለች፣ ሴራሚክ ታነጥፋለች፣ ልጆቿን እዚያ ታሳድጋለች። ጎረቤት ሁሉ የእሷ ቤት እንደሆነ ያውቃል። ሕጉ ግን ሌላ ነገር ነው የሚያየው።

ሕጉ የሚያየውን አንድ በአንድ ልንገርዎት። የማይንቀሳቀስ ንብረት ሽያጭ በጽሑፍ ካልሆነ አይጸናም፤ አንቀጽ 2877 ነው። አንቀጽ 1723 ደግሞ ውሉ በፍርድ ቤት ወይም በውልና ማስረጃ ፊት እንዲሆን ይጠይቃል። የሰበር ሰሚ ችሎት ይህን አንቀጽ ሲተረጉም ያልተመዘገበ ውል ፈራሽ ነው ያለበት ጊዜ አለ፤ ሻጩ ውሉን ካልካደ ይጸናል ያለበትም አለ። የእርስዎ ጉዳይ የትኛው ጋ እንደሚወድቅ ወረቀቶቹን ያየ ጠበቃ ብቻ ነው የሚነግርዎት። ውሉ ሲደረግ አምስት ዓመቱ አልሞላም ነበር ከተባለ ደግሞ ሌላ ፈተና አለ፤ ሕግ የከለከለውን ነገር መዋዋል ዋጋ የለውም። እንዲህ ያለ ውል ሲፈርስ ሁለቱም ወደ ነበሩበት ይመለሱ ነው የሚባለው። ቤቱ ለእሱ፣ ገንዘቡ ለእርስዎ። የሚመለሰው ገንዘብ ግን የዛሬ ስምንት ዓመት የሰጡት ነው። በዚያ ገንዘብ ዛሬ የትኛው ሰፈር ምን ይገዛሉ?

የብድር ወረቀቱ የባሰ ነው። አንቀጽ 2005 የተፈረመ ጽሑፍ በፈራሚዎቹ መካከል ሙሉ እምነት የሚጣልበት ማስረጃ ነው ይላል፤ ቀጥሎ ያለው አንቀጽ ደግሞ ይህን ጽሑፍ በምስክር ቃል ማስተባበልን ይከለክላል። ማለት ጎረቤቱ ሁሉ መጥቶ «ቤቱን ገዝታዋለች» ብሎ ቢመሰክርልዎ፣ በእጅዎ ያለው ወረቀት «አበዳሪ ነኝ» ይላል። ሰውየው የቤቱ ዋጋ ስንት እጥፍ እንደሆነ ሲያይ 400 ሺሁን ከነወለዱ ይዞ ይመጣል። ሕጋዊ ወለድ በዓመት 9 በመቶ ነው። «ብድሬን ልክፈል፣ ቤቴን ልቀቂ» ይላል። ደንበኞቻችን ይህን ሲሰሙ የሚያለቅሱት ከማዘን ሳይሆን ካለማመን ነው። መከላከያው ወረቀት እነሱን የሚያስወጣ ወረቀት ሆኖ ያገኙታል።

እዚህ ላይ አንድ ከባድ ማስጠንቀቂያ አለኝ። ሰውየው ስልክ አላነሳ ሲል ብዙ ሰው ተናዶ «የብድር ገንዘቤ ይመለስልኝ» ብሎ ይከሳል። ሊያስፈራራው ነው፤ እንዲመጣ ነው። ያንን ክስ ባቀረቡ ቀን አበዳሪ እንጂ ገዢ አለመሆንዎን በራስዎ ፊርማ አረጋገጡ ማለት ነው። ከዚያ በኋላ ቤቱን እንዴት ይጠይቃሉ? በሌላ በኩል ዝም ብሎ መቀመጥም አይቻልም። በአንቀጽ 1845 መሠረት እንዲህ ያለ የውል ጥያቄ በአሥር ዓመት ይቀራል። እርስዎ ቤቱን ከያዙ ስምንት ዓመት ሆኗል። ወረቀቱ ላይ ብድሩ የሚመለስበት ቀን መቼ ነው ይላል? ቀኑ ከሰውየው ጋር ከተፈራረማችሁበት ጊዜ ጋር ቅርብ ከሆነ ሁለት ዓመት ያህል ነው የቀረዎት። ቤቱንም ገንዘቡንም ማጣት የሚመጣው በዚህ በኩል ነው። ክሱ በየትኛው መንገድ ይቅረብ፣ አማራጭ ጥያቄ አብሮ ይቅረብ ወይ የሚለውን እርስዎ ብቻዎን አይወስኑ። ለዚህ አንድ ውሳኔ ብቻ እንኳ ቢሆን ጠበቃ ያስፈልግዎታል።

ውክልናውስ? ውክልና የሰጪው እምነት ነው። ሰጪው በፈለገ ጊዜ ይሽረዋል። ደላሎች «የማይሻር ውክልና» እያሉ የሚሸጡት ነገር አለ፤ አንቀጽ 2226 አይሻርም ብሎ መዋዋል ዋጋ የለውም ይላል። ሲሽረው እርስዎ ጋ ደውሎ ላይነግርዎት ይችላል። ሰጪው ከሞተም ሌላ ስምምነት ከሌለ በቀር ውክልናው አብሮት ያበቃል። እንግዲህ ስልኩን ያላነሳው ለምንድነው? ውጭ አገር ሄዶ ይሆናል። ጭማሪ ሊጠይቅ አስቦ እየሸሸ ይሆናል። ቤቱን ለሌላ ሰው ለመሸጥ እየተደራደረ ይሆናል፤ ያልተመዘገበ ሽያጭ ደግሞ ቤቱን ከእሱ ለሚገዛ ሦስተኛ ወገን መቃወሚያ አይሆንም። ወይም አርፎ ይሆናል። አርፎ ከሆነና ልጆቹ ወራሽነታቸውን በፍርድ ቤት ካረጋገጡ፣ በካርታው ላይ ያለው የአባታቸው ስም ነው። እርስዎን ፊትዎን እንኳ አያውቁ ይሆናል። ሞቱን እያወቁ በውክልናው ፈርመው ስም ለማዛወር መሞከር ደግሞ በወንጀል ሊያስጠይቅዎት ይችላል። «ማንም ሳያውቅ ቶሎ እንጨርሰው» የሚል ሰው ቢመጣ አይስሙት።

ሌላም አለ። ሰውየው ባለትዳር ነበር? በጋብቻ ውስጥ የተገኘ ቤት ሲሸጥ የሁለቱም ፈቃድ ያስፈልጋል፤ የቤተሰብ ሕጉ አንቀጽ 68 ነው። ሚስቱ ያልፈረመችበት ወረቀት ይዘው ከሆነ ለጠበቃዎ ይንገሩ። ዕዳስ አለበት? ካርታው በስሙ እስከሆነ ድረስ ሌላ አበዳሪ ከስሶት ቢረታው ቤቱን ሊያሳግድበት ይችላል።

አሁን ምን ላድርግ ይሉኛል። ቅደም ተከተሉን ልብ ይበሉ።

ከሁሉ በፊት ወረቀቶቹን በሙሉ ከትራስ ስር፣ ከሳጥን፣ ከእህትዎ ቤት ሰብስበው ኮፒ ያድርጉ። ውክልናው፣ የብድር ውሉ፣ ዕጣው የወጣበት ወረቀት፣ ከቤቶቹ አስተላላፊ መሥሪያ ቤት ጋር ሰውየው የፈረመው ውል፣ ካርታው ወይም የካርታው ኮፒ፣ ገንዘቡን የሰጡበት የባንክ ማስረጃ። ገንዘቡን በጥሬው ከሰጡ ማን ፊት እንደሰጡ ይጻፉ፤ ደላላውንና የፈረሙትን እማኞች አድራሻ ይያዙ። ስምንት ዓመት የከፈሉትን የባንክ ስሊፕ በሙሉ በየዓመቱ ይደርድሩ። የጠፋ ካለ ባንኩ የብድር ሒሳቡን መግለጫ ይስጥዎ፤ ውክልናዎ ከጸና ይህን መጠየቅ ይችላሉ። ከዚህ ወር ጀምሮ ደግሞ ክፍያው ከራስዎ ሒሳብ ወደ ብድሩ ሒሳብ በማዛወር ይሁን፤ ከፋይዋ እርስዎ መሆንዎ ወረቀቱ ላይ ይታይ። በምንም ምክንያት ክፍያውን አያቋርጡ። ባንኩ ዕዳው ካልተከፈለው ቤቱን ለሐራጅ የማቅረብ መብት አለው፤ ያን ጊዜ የሚከራከሩበት ነገር ራሱ ይጠፋል። የወረዳ መታወቂያዎ በዚያ የቤት ቁጥር ከሆነ፣ የመብራትና የውሃ ደረሰኝ፣ የእድር ደብተር፣ የልጆቹ የትምህርት ቤት ማስረጃ ሁሉ ቤቱን በእጅዎ አድርገው መኖርዎን ያሳያል።

ቀጥሎ ውክልናውን ይዘው የተሰጠበት ውልና ማስረጃ ቢሮ ይሂዱ፤ ያልተሻረ መሆኑን ያረጋግጡ። ውክልናው የመሸጥ ሥልጣን በግልጽ የሚሰጥ መሆኑንም ያስነብቡ። «ለማስተዳደር» ብቻ የሚል ውክልና ቤት ለመሸጥ አይበቃም፤ ሕጉ ለዚህ ልዩ ውክልና ይጠይቃል። «ለራሷ ጭምር» የሚል ቃል አለበት? ከሌለ ቤቱን በውክልና ለራስዎ ማዛወር በኋላ ክርክር ያስነሳል።

ከዚያ ሰውየውን ይፈልጉት። በዘመድ፣ በድሮ ሰፈሩ እድር፣ በሥራ ቦታው። ብቻዎን ሄደው አይጩሁበት። ሁለት የተከበሩ ሽማግሌዎች ይዘው ይሂዱ። በሕይወት ካለና ፈቃደኛ ከሆነ ትልቁ እድልዎ ይህ ነው፤ አምስት ዓመቱ አልፎ ከሆነ ክልከላው ተነስቷል። ከሚስቱ ጋር ውልና ማስረጃ ቀርቦ እውነተኛ የሽያጭ ውል ይፈርምልዎ፣ የባንኩ ዕዳ ጉዳይ ይለይ፣ ስም ይዛወር። የዝውውር ክፍያና የቴምብር ቀረጥ አለው። ከባድ ነው፤ ግን ውክልናን ተወዳጅ ያደረገው ይህን ወጪ መሸሽ ነው። ጭማሪ ከጠየቀ መደራደር የእርስዎ ምርጫ ነው፤ ሆኖም ውሉ ሳይፈረም በእጁ አንድ ብር አይስጡት። አዲስ ውል ሲጽፉ ወደኋላ ያለ ቀን አያስቀምጡ። እሱ የአሮጌው ስህተት ላይ ሌላ ስህተት መጨመር ነው።

ቤቱን ለሌላ ሊሸጥ ነው የሚል ወሬ ከሰሙ ግን ሽማግሌ አይጠብቁ። በዚያው ሳምንት ጠበቃ ጋ ይሂዱ፤ ክስ ከነእግድ ማመልከቻው ይቅረብ።

ማኅበሩን በተመለከተ፣ «በውክልናዬ በሰውየው ስም እከሳለሁ» ብለውም እንዳይሄዱ። ውክልና ያለው ሁሉ ፍርድ ቤት ቆሞ ስለ ሌላ ሰው አይከራከርም፤ ጠበቃ ወይም ሕጉ የዘረዘራቸው የቅርብ ዘመዶች ናቸው የሚችሉት። ለእርስዎ የሚሻለው ቅድም ያልኩት የሁከት ይወገድልኝ ክስ ነው። በራስዎ ስም፣ ቤቱን በእጅዎ አድርገው በመኖርዎ ብቻ። በዚያ ማመልከቻ ላይ «ባለቤት ነኝ» ብለው አይጻፉ። የሚጽፍልዎ ራፖር ጸሐፊ በልማድ እንዲህ ብሎ ሊያስገባው ስለሚችል ከመፈረምዎ በፊት ያስነብቡት። ከተቻለም ከመክሰስዎ በፊት በደብዳቤውና በክፍያ ስምምነቱ ይለቁት እንደሆነ ይሞክሩ። የቤቱ ጉዳይ ሳይስተካከል ከኮሚቴው ጋር ረጅም ሙግት ባይገጥሙ እመርጣለሁ።

ጠበቃ በምን ገንዘቤ ይሉኝ ይሆናል። የኢትዮጵያ ሴት ሕግ ባለሙያዎች ማኅበር አቅም ለሌላቸው ሴቶች በነጻ ምክር ይሰጣል። የዩኒቨርሲቲ ሕግ ትምህርት ቤቶች የከፈቷቸው ነጻ የሕግ ድጋፍ ማዕከላትም አሉ። የዳኝነት ክፍያ መክፈል ካቃተዎት በደሃ ደንብ ለመክሰስ ማመልከት ይቻላል፤ ከወረዳዎ የድህነት ማስረጃ ሊጠየቁ ስለሚችሉ አስቀድመው ይያዙ። ነጻ አገልግሎት ወረፋ አለውና ዛሬ ነገ አይበሉ።

ይህን የጻፍኩት አንድም ወረቀትዎን ሳላይ ነው። አንድ ቀን፣ አንድ ፊርማ፣ ውክልናው ላይ ያለ አንድ መስመር መልሱን ሊለውጠው ይችላል። ስለዚህ በዚህ ጽሑፍ ብቻ ተነስተው ምንም ክስ አይክፈቱ፣ ምንም ወረቀት ላይ አይፈርሙ። ሁለት ነገሮች ግን ጠበቃ አይጠብቁም። የውሃውን ደብዳቤ ነገ ጠዋት ለማኅበሩ ያስገቡ። ከዚያው ወደ ውልና ማስረጃ ይለፉና ውክልናው አለመሻሩን ያረጋግጡ።